ጎንደር ያልደረሰው ባቡር

የልጅ ልጄ ዘጠኝ ዓመቱ ነው። ተወልዶ ያደገው አዲስ አበባ ስለሆነ ጎንደርን የሚያውቃት ለጥምቀት ሲመጣ ብቻ ነው። በአንዱ የጥምቀት ሰሞን እጁን ይዤ ፋሲል ግቢን ሳዞረው ዋልኩ። ግንቦቹን፣ የአንበሶቹን ቤት፣ ሁሉንም እያስነካ እያስጠየቀ ካየ በኋላ ደክሞን ፒያሳ አንድ ሻይ ቤት ተቀመጥን። ሻዩን በብስኩት እየጠጣ ዙሪያውን ቃኘና፣

“እማማ፣ የጎንደር ባቡር የት ነው የሚቆመው?” አለኝ።

“ጎንደር ባቡር የላትም” አልኩት።

“ለምን? የንጉሥ ከተማ አይደለች እንዴ?”

እሱ የለመደው በአዲስ አበባ መንገድ መሐል የሚመላለሰውን የከተማ ባቡር ነው። ለእሱ ባቡር እንደ ውሃና መብራት ነው፤ ከተማ ከተባለ ሊኖረው የሚገባ ነገር። “ስታድግ ይገባሃል” ብዬ ላልፈው ነበር፤ አፌ ግን እምቢ አለኝ። ምክንያቱም ይህንኑ ጥያቄ እኔም ከአርባ ዓመት በፊት ጠይቄዋለሁ፤ ያውም እንባዬን እየጠረግሁ።

ውድ አንባብያን፣ እኔ የታሪክ ምሁር አይደለሁም። በነርስነት ዲፕሎማ ተመርቄ ሠላሳ ዘጠኝ ዓመት መርፌና ቴርሞሜትር ይዤ የኖርኩ ጡረተኛ ነኝ። የጡረታ ዕድሜ ግን ለማንበብ ጊዜ ይሰጣል። ለልጅ ልጄ የሰጠሁትን መልስ ለእናንተም ላካፍላችሁ፤ የእናንተም ልጆች አንድ ቀን መጠየቃቸው አይቀርምና።

ቴሌግራሙ

በ1973 ዓ.ም. ስመረቅ ዕጣዬ ድሬዳዋ ወጣ። የተወለድኩት ዳባት ነው፤ ከዚያ በፊት ከጎንደር ርቄ አላውቅም። እናቴ ስንቄን ጭኮና ዳቦ ቆሎ ቋጥራ፣ “ልጄን ቆላ በላብኝ” እያለች ሸኘችኝ። ከጎንደር አዲስ አበባ በአውቶቡስ ሁለት ቀን ነበር፤ የዓባይን በረሃ ወርዶ መውጣት ብቻውን የግማሽ ቀን ጣጣ ነው። ለገሃር ደርሼ ባቡሩን ሳየው ፈራሁት። ከተሳፈርኩ በኋላ ግን ከሴቶቹ ጋር እንጀራ እየተቋደስን፣ በየጣቢያው በመስኮት ሎሚና የተቀቀለ እንቁላል እየገዛን፣ ሌሊቱን ሙሉ ስንሄድ አድረን ጠዋት ድሬዳዋ ገባን።

የተከራየሁት ከዚራ አካባቢ፣ የአንድ ጡረታ የወጡ የምድር ባቡር ሠራተኛ ግቢ ውስጥ ነበር። የድሬ ሰው የባቡር ሠራተኛን “ሼሚኖ” ይለዋል፤ ቃሉ ከፈረንሳይኛ የመጣ ነው። እኒህ ሰው ዕድሜያቸውን በሐዲድ ጥገና የጨረሱ ነበሩ። አባታቸውም ሐዲዱ ሲነጠፍ ድንጋይ የተሸከሙ የቀን ሠራተኛ ነበሩ። እኔን “ሲስተርዬ” ይሉኛል፤ እኔ “አባባ” እላቸዋለሁ። የደም ግፊታቸውን ስለካላቸው ታሪክ ይከፍሉኛል።

በ1976 ዓ.ም. አንድ ቀን ከሥራ ስመለስ ቴሌግራም ጠበቀኝ። “እናትሽ ታማለች ቶሎ ድረሽ” ይላል። ይህ ቃል ምን ማለት እንደሆነ ያገሬ ሰው ሁሉ ያውቃል። የታመመ ሰው ቴሌግራም አይልክም። በማግሥቱ ባቡር ተሳፈርኩ። ከድሬዳዋ አዲስ አበባ አንድ ሌሊት። ከአዲስ አበባ ጎንደር ሁለት ቀን። ከጎንደር ዳባት ደግሞ ጭነት መኪና ላይ። እናቴ ከተቀበረች በስድስተኛው ቀን ደረስኩ፤ ድንኳኑ ውስጥ የቀሩት የቅርብ ዘመዶች ብቻ ነበሩ።

ወደ ድሬዳዋ ስመለስ አባባ ሊያስተዛዝኑኝ መጡ። እኔም ኀዘን አናግሮኝ፣ “ባቡሩ ለምን አዲስ አበባ ላይ ቆመ? ለምን ወደ እኛ አገር አልሄደም?” አልኳቸው። ብዙ ዝም ካሉ በኋላ፣ “ሲስተርዬ፣ ሐዲድ ዘመድ አያውቅም፤ ጭነት ነው የሚያውቀው” አሉኝ።

ያን ቀን መልሳቸው ጨካኝ ሆነብኝ። ኋላ ላይ ታሪኩን ሳነብ ግን ከዚያ የተሻለ ማጠቃለያ አላገኘሁም።

ለጎንደር ንጉሥ የመጣው ሐዲድ

ብዙዎቻችን የባቡር ታሪካችን በዳግማዊ ምኒልክ ይጀምራል እንላለን። በቀይ ባሕር ዳርቻችን የመጀመሪያው ሐዲድ የተነጠፈው ግን ከዚያ በፊት ነው፤ ያውም የጎንደርን ሰው ለመያዝ።

የቋራው ካሳ፣ በስሜን ደረስጌ ማርያም ተቀብተው ዐፄ ቴዎድሮስ የተባሉት ንጉሥ፣ የእንግሊዝን ቆንስልና ሌሎች አውሮፓውያንን አስረው ነበር። የእንግሊዟ ንግሥት ቪክቶሪያ መንግሥት በጄኔራል ናፒየር የሚመራ ጦር ከሕንድ ላከ። በ1860 ዓ.ም. ጦሩ ከምጽዋ በስተ ደቡብ ዙላ ላይ ሲወርድ፣ ስንቅና ጥይት የሚያጓጉዝበት ሐዲድና ባቡር ከቦምቤይ ይዞ መጥቶ ከባሕሩ ዳር እስከ ተራራው ግርጌ ነጠፈው። ርዝመቱ ሃያ ኪሎ ሜትር እንኳ አይሞላም። ከዚያ ወዲያ ከባድ መድፎቹን የተሸከሙት ከሕንድ የመጡ ዝሆኖች ናቸው። (የልጅ ልጄ ከታሪኩ ሁሉ አጥብቆ የያዘው እነዚህን ዝሆኖች ነው።)

በዚያው ወራት ቴዎድሮስም መንገድ እየሠሩ ነበር። ደብረ ታቦር አጠገብ ጋፋት ላይ ያሠሩትን ሴባስቶፖል የተባለ ትልቅ መድፍ ወደ መቅደላ ሲያስጎትቱ፣ ንጉሡ ራሳቸው ድንጋይ እያነሱ መንገድ ይጠርጉ እንደነበር ታሪክ ያወሳል። በአንድ በኩል ሐዲድና ዝሆን፣ በሌላ በኩል ገመድና የሰው ትከሻ ወደ አንድ አምባ ተጓዙ። ፍጻሜውን ሁላችንም እናውቀዋለን። ቴዎድሮስ በሚያዝያ ወር መቅደላ ላይ ሞቱ። እንግሊዞች ጉዳያቸውን ጨርሰው ሲመለሱ ሐዲዱንም ነቅለው ሄዱ። ለኛ ብለው አልነጠፉትምና ለኛ አልተዉትም።

በወረቀት ላይ ረጅም የነበረው ኩባንያ

አሁን ወደ ዋናው ኩባንያ እንምጣ። ስሙ ሲበዛ ትልቅ ነው፤ “የኢትዮጵያ ንጉሠ ነገሥታዊ የምድር ባቡር ኩባንያ”። አቅሙ ግን ከስሙ ያነሰ ነበር።

ዐፄ ምኒልክ የሚያምኑት አንድ የስዊዘርላንድ መሐንዲስ ነበራቸው፤ አልፍሬድ ኢልግ ይባላል። ለቤተ መንግሥቱ ውሃ በቧንቧ ያስገባ እሱ ነው። በ1886 ዓ.ም. ምኒልክ ለኢልግ ባቡር የመሥራት ፈቃድ ሰጡት፤ ሌዎን ሼፍኔ የተባለው የፈረንሳይ ነጋዴ ደግሞ የሥራው ሸሪክ ሆነ። ፈቃዱ ለ99 ዓመት የሚጸና ሆኖ መስመሩ በሦስት የተከፈለ ነበር። አንደኛው ከጅቡቲ ሐረር፤ ሁለተኛው ከሐረር እንጦጦ፤ ሦስተኛው ከእንጦጦ ከፋን አቋርጦ እስከ ነጭ ዓባይ።

እስኪ ካርታ ዘርግታችሁ በጣታችሁ ተከተሉት። ከባሕር ይነሳል፤ የሐረር ቡናና ቆዳ ወዳለበት ይወጣል፤ ቤተ መንግሥቱ ጋ ይደርሳል፤ ከዚያ የከፋ ቡና ወዳለበት ወደ ደቡብ ምዕራብ ይወርዳል። ሰሜን የለበትም። የፋሲል ከተማ ያን ጊዜ ከመንግሥት መቀመጫነት ከወጣች ቆይታ፣ በጦርነትና በክፉ ቀን ተጎድታ ነበር። የኩባንያው ባለገንዘቦች ደግሞ ብድራቸውን የሚመልስላቸውን ጭነት እንጂ የጥንት ግንብ አይቆጥሩም። አባባ ያሉት ይህንኑ ነው።

ሥራው የተጀመረው ከዓድዋ ድል በኋላ በ1890 ዓ.ም. ጅቡቲ ላይ ነው። የሐዲዱ ስፋት አንድ ሜትር ነበር። ሙቀቱና የውሃ እጦቱ ሠራተኛውን ጨረሰው፤ ሸለቆ በተገኘ ቁጥር የብረት ድልድይ ይጠይቃል፤ መሬታቸው ሳይጠየቁ የተነካባቸው አርብቶ አደሮችም ሥራውን ይከላከሉ ነበር። በሐምሌ 1893 ዓ.ም. ባቡሩ ከጅቡቲ እስከ ድንበሯ ደወሌ መመላለስ ጀመረ። በታኅሣሥ 1895 ዓ.ም. ደግሞ ከጅቡቲ 310 ኪሎ ሜትር ያህል ርቆ ከሐረር ተራራ ግርጌ ደረሰ።

እዚያም ቆመ። የሐረርን ተራራ መውጣት ወጪው ስለከበደ ኩባንያው ጥንታዊቷን ከተማ ትቷት በሜዳው ላይ ጣቢያ ሠራ። ያ ጣቢያ “አዲስ ሐረር” ተባለ፤ ዛሬ ድሬዳዋ የምንላት ናት። ይህን ሳነብ ወደ ዳባትና ደባርቅ ሄድኩኝ በሐሳቤ። ሐረርን ለመውጣት የሰነፈ ሐዲድ ሊማሊሞን እንዴት ሊደፍረው ነው? ተከዜንና ዓባይንስ ማን ያሻግረው ነበር?

ድሬዳዋ ላይ ያለቀው ገንዘብ

ኩባንያውን የገደለው ግን ተራራው ብቻ አይደለም። ገንዘቡ የአንድ ሰው አልነበረም። የፈረንሳይ ባለአክሲዮኖች ብር ሲያጥራቸው የለንደን ባለገንዘቦች ገቡበት። ይህን ያየው የፈረንሳይ መንግሥት “እንግሊዝ በጓሮ በር ሊገባብን ነው” ብሎ በ1894 ዓ.ም. ከኩባንያው ጋር ውል ተፈራረመ። ለሃምሳ ዓመት በየዓመቱ 500 ሺህ ፍራንክ ሊሰጥ፣ በምላሹም በኩባንያው ላይ የመቆጣጠር ሥልጣን ሊኖረው።

ምኒልክ ይህን ሲሰሙ ተቆጡ። ፈቃዱን የሰጡት ለግል ኩባንያ ነው፤ አሁን ግን በአገራቸው መሬት ላይ የሚገባው የሌላ አገር መንግሥት ሆነ። ዓድዋ ላይ የመለሱት ነገር በሐዲድ ተመልሶ ሊመጣ ነው ማለት ነው። ስለዚህ ከድሬዳዋ ወዲህ ያለውን ሥራ ያዙት። ኩባንያውም በሁለት ወገን ተጨነቀ፤ ያለ ንጉሡ ፈቃድ ወደፊት መሄድ አይችልም፤ በበረሃ በምትገኝ አንዲት ጣቢያ ላይ ቆሞ ደግሞ ዕዳውን መክፈል አይችልም። በ1899 ዓ.ም. ከሰረ። ከተቋቋመ ገና ዐሥር ዓመት ቢሞላው ነው።

ለወላጆች አንድ ነገር ልበል። ልጆቻችንን “ምኒልክ ባቡር አስገቡ” ብለን እናስተምራቸዋለን፤ እውነት ነው። ነገር ግን ምኒልክ ባቡሩን ለዓመታት ማስቆማቸውንም ብንነግራቸው መልካም ነው። ሥልጣኔን መውደድና በሥልጣኔ ስም የሚመጣን ሁሉ እሺ ማለት ሁለት የተለያዩ ነገሮች መሆናቸውን ከዚህ የተሻለ የሚያስተምር ታሪክ አላውቅም።

በእኛ ደጋ ላይ የተሰመረው

ጎንደር በባቡር ወረቀት ላይ ጨርሶ አልነበረችም ካልኩ ግን ተሳስቻለሁ። ኩባንያው በሞት አፋፍ ላይ ሳለ፣ በታኅሣሥ 1899 ዓ.ም. እንግሊዝ፣ ፈረንሳይና ኢጣሊያ ለንደን ላይ ስለ ኢትዮጵያ አንድ ስምምነት ተፈራረሙ። የባቡር መሥመሮችንም ተካፈሉ። ከጅቡቲ እስከ አዲስ አበባ ያለው ለፈረንሳይ፤ ከአዲስ አበባ ወደ ምዕራብ የሚሄደው ለእንግሊዝ፤ ኤርትራንና የኢጣሊያ ሶማሊያን ከአዲስ አበባ በስተ ምዕራብ በኩል የሚያያይዘው ለኢጣሊያ ሆነ።

ከኤርትራ ተነስቶ ከአዲስ አበባ በስተ ምዕራብ የሚያልፍ ሐዲድ የእኛን ደጋ ሳይረግጥ የት ይሄዳል? የጎንደር ባቡር የተወጠነው እንግዲህ በዚያ ወረቀት ላይ ነበር፤ አገሩ ሳይጠየቅ፣ ንጉሡ ሳይመክሩበት። ምኒልክ ስምምነቱ ሲነገራቸው ለወዳጅነታቸው አመስግነው፣ በአገራቸው ላይ ያላቸውን ሥልጣን ግን ምንም እንደማይነካው አስታወቁ።

ያ መስመር ሳይሠራ ቀረ። ኢጣሊያ ከምጽዋ የጀመረችው ሐዲድ አስመራ የደረሰው በ1904 ዓ.ም. ነው። ከዚያ በከረን አድርጎ አቆርዳት፣ በ1924 ዓ.ም. ደግሞ ቢሻ ደረሰና ቆመ። በሌላ በኩል እንግሊዞች የሱዳንን ባቡር ወደ ከሰላና ገዳሪፍ አመጡት። አባቶቻችን ሰሊጥና ሰም ጭነው በመተማ በኩል ገዳሪፍ ሲወርዱ የባቡር ጩኸት ይሰሙ ነበር። ባቡር በሰሜንም በምዕራብም ቀርቦን ነበር ማለት ነው፤ ደጃችን ሳይደርስ ቀረ እንጂ። ኢጣሊያ ጎንደርን በያዘች ጊዜ የሠራችው ሐዲድ ሳይሆን የመኪና መንገድ ነው። የሊማሊሞ ጠመዝማዛ የዚያ ዘመን ሥራ ነው።

ሥራውን ያስቀጠለው ሐኪም

እንደ ሕክምና ባለሙያ በዚህ ታሪክ ውስጥ የሚያስደስተኝ ሰው አለ፤ ዶክተር ቪታልየን። ከካሪቢያን ደሴት ከጓድሉፕ የመጣ ጥቁር ሐኪም ነው። መጀመሪያ ሐረር በራስ መኰንን ሆስፒታል ሠራ፤ ኋላም የምኒልክ የግል ሐኪም ሆነ። በጥር 1900 ዓ.ም. ምኒልክ ሐዲዱን ከድሬዳዋ አዲስ አበባ የማድረሱን አዲስ ፈቃድ የሰጡት ለዚህ ሐኪም ነው። ኩባንያዎቹና መንግሥታቱ ያጡትን እምነት የታማሚ አልጋ አጠገብ የተቀመጠ ሰው አገኘው።

በዚህ ፈቃድ ላይ “የፈረንሳይ ኢትዮጵያ ምድር ባቡር ኩባንያ” ተቋቋመ። ሥራው ቀጠለ፤ የአዋሽን ገደል በድልድይ ተሻገረ፤ በ1909 ዓ.ም. አዲስ አበባ ገባ። ምኒልክ ግን አላዩትም፤ ከዚያ በፊት አርፈዋል። ከጅቡቲ አዲስ አበባ 784 ኪሎ ሜትር ነው። በቅሎና ግመል ከወር በላይ የሚፈጅባቸውን መንገድ ባቡሩ ያን ጊዜ በሦስት ቀን ይጨርሰው ነበር፤ ሌሊት ስለማይሄድ ድሬዳዋና አዋሽ ላይ እያደረ።

መንገድ ሲከፈት መልካሙ ብቻ አይገባም። ባቡሩ አዲስ አበባ በገባ በሁለት ዓመት፣ በ1911 ዓ.ም.፣ አያቶቻችን የኅዳር በሽታ የሚሉት የዓለም ኢንፍሉዌንዛ ሕዝቡን ፈጀ። ከጅቡቲ በኩል የባቡሩን መንገድ ተከትሎ ሳይገባ አልቀረም የሚሉ ጸሐፍት አሉ። እስከ ዛሬ ኅዳር 12 ቀን ቆሻሻ እየጠረግን የምናቃጥለው የዚያ ዘመን ትዝታ ነው። ልጆቻችሁ “ጭሱ ለምንድን ነው?” ሲሏችሁ ይህንንም ንገሯቸው።

ሐዲዱን ያቆዩት

ከዚያ ወዲህ ያለውን ብዙዎቻችሁ ታውቁታላችሁ። የለገሃር ጣቢያ ሕንፃ በ1922 ዓ.ም. ተመረቀ። ከፊቱ የቆመውን የይሁዳ አንበሳ ሐውልት ፋሺስቶች ሮም ወሰዱት፤ ከዓመታት በኋላ ተመለሰ። ዐፄ ኃይለ ሥላሴ በሚያዝያ 1928 ዓ.ም. ወደ ስደት የሄዱት በዚሁ ባቡር ነው። በ1952 ዓ.ም. በተደረገ ስምምነት ኢትዮጵያ የኩባንያው የግማሽ ድርሻ ባለቤት ሆነች። ጅቡቲ ነፃ ከወጣች በኋላ ደግሞ የሁለቱ አገሮች የጋራ ንብረት ሆነ። በሶማሊያ ወረራ ጊዜ ሐዲዱ ተቆራርጦ እንደገና ተጠገነ። ጥር 5 ቀን 1977 ዓ.ም. አዋሽ አቅራቢያ ባቡሩ ከሐዲድ ወጥቶ ከ400 በላይ መንገደኞች አለቁ። ያን ሰሞን ድሬዳዋ ውስጥ ድንኳን ያልተተከለበት ሠፈር የነበረ አይመስለኝም።

ኩባንያው ስሙንም ባለቤቱንም ከአንድ ጊዜ በላይ ለውጧል። ያልተለወጡት እንደ አባባ ያሉት ሰዎች ናቸው። ጎርፍ ሐዲዱን ሲወስደው በሌሊት ፋኖስ ይዘው የሚወጡ፤ ድንጋዩን መልሰው የሚደለድሉ፤ ባቡሩ ሲያፏጭ ሰዓታቸውን የሚያስተካክሉ። ጡረታ ከወጡ በኋላ እንኳ የሌሊቱ ባቡር ካልደረሰ እንቅልፍ አይወስዳቸውም ነበር። “አባባ፣ ይተኙ እንጂ፣ ግፊትዎ ይነሳል” እላቸዋለሁ። “ሰው መንገድ ላይ ነው፣ ሲስተርዬ” ይሉኛል።

ባለሙያ ሆኜ የኖርኩበትን ሥራ የገለጸልኝ ይህ ቃል ነው። ወደ ጎንደር ተዛውሬ በሰሜን ደጋ ወረዳዎች ስሠራ፣ ከጃናሞራ ገደል በቃሬዛ ተሸክመዋት የመጡ ምጥ የያዛት እናት ስቀበል ሁልጊዜ ይታወሰኝ ነበር። ስንቷን አዳንን፤ ስንቷ ደግሞ ግማሽ ቀን ዘግይታ ደረሰችብን። በሕክምና ትምህርት ቤት ስለ ደም መፍሰስ፣ ስለ ኢንፌክሽን ተምሬአለሁ። መንገድ አለመኖር ራሱ ሰው የሚገድል በሽታ መሆኑን ግን የተማርኩት ከቃሬዛ ተሸካሚዎች ነው።

አሮጌው ሐዲድ ዛሬ አዲስ አበባ አይደርስም። በእሱ ፈንታ በ2009 ዓ.ም. በኤሌክትሪክ የሚሄድ አዲስ መስመር ከሰበታ እስከ ጅቡቲ ተመርቋል። ከአዋሽ ተነስቶ በኮምቦልቻ በኩል ወልድያ አጠገብ ሐራ ገበያ የሚደርስ መስመርም ተጀምሯል። ከሐራ ገበያ ጎንደር ግን ገና ብዙ ተራራ አለ።

ለልጅ ልጄ የነገርኩት

ያን ቀን ፒያሳ ላይ ይህን ሁሉ አልነገርኩትም፤ ሻዩ ይቀዘቅዛል። በአጭሩ እንዲህ አልኩት፦ “ባቡር ብዙ ገንዘብ ይፈልጋል። ገንዘቡን ያመጡት ሰዎች የሚፈልጉት ዕቃ ወዳለበት ወሰዱት። እኛ ተራራ ላይ ነበርን፤ የሚፈልጉትም ዕቃ በእኛ በኩል አልነበረም።”

ትንሽ አሰበና፣ “ሰዎችስ? ሰው ለመጫን ብለው ባቡር አይሠሩም?” አለኝ።

“ወደፊት ይሠሩ ይሆናል” አልኩት። “የሚሠራው ሰው መንገድ ላይ ያለ ሰው የሚያሳስበው ከሆነ።”

“እኔ እሠራዋለሁ” አለ፤ የብስኩቱን ፍርፋሪ ከሹራቡ ላይ እያራገፈ። “ከዚያ አንቺ አዲስ አበባ ጠዋት ተነስተሽ ማታ ትደርሻለሽ።”

ልጅ ነው፤ ነገ አውሮፕላን አብራሪ እሆናለሁ ይል ይሆናል። እኔ ግን እናቴን አሰብኳት። ድንኳኑን፣ የቀሩትን ጥቂት ዘመዶች፣ “ትንሽ ብትቀድሚ ኖሮ” ያለችኝን አክስቴን። ሒሳቡን ከፍዬ እጁን ያዝኩትና አውቶቡሳቸው በማግሥቱ ማለዳ ስለሚነሳ፣ እናቱ ስንቅ የምትቋጥርበት ዳቦ ቆሎ ልገዛ ወደ ገበያ ወረድን።